ጃክሊን ሆሴ እና «ደፋር» ፊልሞቿ፦ ማን ነው የደፈረው?

ፊሊፒናዊቷ ተዋናይ ጃክሊን ሆሴ በማርች 2024 መጀመሪያ ላይ በድንገተኛ የልብ ሕመም አረፈች። 60 ዓመቷ ነበር። (እዚህ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።) ስለ እሷ የተጻፈው የሐዘን ጽሑፍ አብዛኛው አንድ መንገድ የተከተለ ነው። በ80ዎቹ ገላ የሚያሳዩ ፊልሞች ላይ ትሠራ ነበር፤ ከዚያ ወጣች፤ ከባድ ተዋናይ ሆነች፤ በ2016 በካን ፊልም ፌስቲቫል የምርጥ ሴት ተዋናይ ሽልማት ወሰደች። ከእሷ በፊት ከደቡብ ምሥራቅ እስያ ይህን ሽልማት የወሰደች ሴት የለችም። በአጭሩ ከጭቃ ተነስታ ማማ ላይ የወጣች ሴት ታሪክ ነው።

ይኸው ታሪክ አሁን ሌላ ጠብ ውስጥ ይነሳል። ፊሊፒንስ ውስጥ ለአዋቂ ብቻ የሚሆኑ ፊልሞችን በብዛት የሚለቅ፣ በወርሃዊ ክፍያ በስልክ የሚታይ አገልግሎት አለ። ቪቫማክስ ይባል ነበር፤ አሁን ቪኤምኤክስ ሆኗል። መንግሥት ይቆጣጠረው የሚሉና አይነካ የሚሉ ይከራከራሉ። አንዱ ወገን «ትልልቆቹም የጀመሩት እዚያው ነው» ይላል። ሌላው «እነሱ አመለጡ፤ ያላመለጡትስ?» ይላል። ሁለቱም ግን አንድ ነገር ላይ ሳያውቁት ተስማምተዋል፤ ያ ፊልም አንድ ሰው ገብቶ የሚወጣበት ጉድጓድ ነው ብለው ያስባሉ።

የጃክሊን ሆሴን ሥራ በቅደም ተከተል ያየ ሰው ይህን ለመቀበል ይቸገራል። ካን ላይ የተሸለመችበት አተዋወን «ቦልድ» ከሚባሉት ገላ የሚያሳዩ ፊልሞች ከወጣች በኋላ የተማረችው አይደለም። እዚያው የተማረችው ነው። ይህ ማለት ግን ያ ዓለም ጥሩ ትምህርት ቤት ነበር ማለት አይደለም። ነገሩ የሚከብደው እዚህ ላይ ነው።

«ቦልድ» ማለት

ቦልድ የእንግሊዝኛ ቃል ነው፤ ትርጉሙም ደፋር ነው። ፊሊፒኖዎች ግን «ቦልድ ስታር» ሲሉ ጀግና ማለታቸው አይደለም። ካሜራ ፊት ልብሷን የምታወልቅ ተዋናይ ማለታቸው ነው።

በአማርኛም ድፍረት አንድ ፊት ብቻ የለውም። «ደፋር ናት» ሲባል አንዳንዴ ሙገሳ ነው፣ አንዳንዴ ደግሞ ስድብ። «ደፋርና ጭስ መውጫ አያጣም» የሚለው ተረትም ሲነገር ሰውየው እየተደነቀ ይሁን እየታማ ሁልጊዜ ግልጽ አይደለም። ከዚያ «ተደፈረች» የሚለው አለ፤ እሱ ከሁሉም የከፋው ነው። ጀግንነቱም፣ ዓይን አውጣነቱም፣ ጥቃቱም አንድ ግስ ውስጥ ተቀምጠዋል። ለፊሊፒንስ ቦልድ ፊልም ከእንግሊዝኛው ይልቅ የኛው ቃል ሳይመጥን አይቀርም። በነዚህ ፊልሞች ዙሪያ ዛሬም ድረስ ያልተፈታው ጥያቄ ይኸው ነዋ፦ ተዋናይቷ ደፍራ ነው ወይስ ተደፍራ?

ዘውጉ በጃክሊን ዘመን የተጀመረ አይደለም። በ60ዎቹ መጨረሻ «ቦምባ» የሚባሉ ፊልሞች ነበሩ። ፕሬዚዳንት ፈርዲናንድ ማርኮስ በ1972 ወታደራዊ አስተዳደር ሲያውጁ እነሱ ጠፉ። ብዙም ሳይቆይ በሌላ በር ተመለሱ። እርቃን ክልክል ነው? እሺ፣ ተዋናይቷ ነጭ ልብስ ለብሳ ውኃ ውስጥ ትግባ። በ1974 የ1969ኗ ሚስ ዩኒቨርስ ግሎሪያ ዲያዝ የተወነችበት ፊልም ይህን ዘዴ አስፋፋው። ልብሱ አለ፤ ግን እርጥብ ነው፤ ሕጉም አልተጣሰም። ጭስ መውጫ አያጣም ያልነው ለዚህም ይሆናል።

አምባገነን መንግሥት እያለ እንዴት?

ብዙ ሰው የሚደናገረው እዚህ ላይ ነው። ጥብቅ ሳንሱር ያለበት አገር ውስጥ እንዲህ ያለ ፊልም እንዴት ይበዛል?

መልሱ ሳንሱሩ የሚፈራው ምንን እንደሆነ በማየት ይጀምራል። በ80ዎቹ መጀመሪያ ቀዳማዊት እመቤት ኢሜልዳ ማርኮስ ማኒላን የፊልም ከተማ ለማድረግ ተነሱ። ባሕሩ ዳር ግዙፍ የፊልም ማዕከል ተሠራ። ለጃንዋሪ 1982ቱ ፌስቲቫል ይድረስ ተብሎ ቀን ከሌት ሲገነባ በኖቬምበር 1981 ሌሊት ላይ የግንባታው መወጣጫ ተደርምሶ ሠራተኞች እርጥብ ሲሚንቶ ውስጥ ወደቁ። የሟቾቹ ቁጥር እስከ ዛሬ ያከራክራል። ፌስቲቫሉ ግን በቀኑ ተከፈተ።

ያ ሕንፃ ከሳንሱር ነጻ ነበር። በሁለተኛው ዓመት ገንዘብ ሲያጥር አዘጋጆቹ ያልተቆረጡ የወሲብ ፊልሞችን አሳዩ። ሰው ተሰለፈ፤ ገንዘቡ ገባ። በኦገስት 1983 የተቃዋሚው መሪ ቤኒግኖ አኪኖ ከስደት ሲመለሱ አውሮፕላን ማረፊያው ላይ ተገደሉ። ኢኮኖሚው ተንኮታኮተ፤ የፔሶ ዋጋ ወረደ፤ አገሪቱ ዕዳዋን መክፈል አቃታት። ፊልም ሠሪዎች በትንሽ ወጪ ተሠርቶ ያለጥርጥር የሚሸጥ ነገር ፈለጉ። ያ ነገር ገላ ነበር።

በዚያው ሰሞን የሥራ ማቆም አድማን የሚያሳይ ፊልምስ ምን ገጠመው? ታላቁ ዳይሬክተር ሊኖ ብሮካ በ1984 ካን ላይ የተወዳደረ፣ የማተሚያ ቤት ሠራተኞችን ሕይወት የሚያሳይ ፊልም ሠርቶ ከአገሩ ሳንሱር ጋር ተናነቀ። በ1985 መጀመሪያ ጂፕኒ የሚባለው የሕዝብ ማመላለሻ መኪና ሾፌሮች አድማን በመደገፉ ታሰረ። እርቃን ያልፋል፤ አድማ አያልፍም።

ከዚህ ተነስተው አንዳንድ ሃያሲያን መንግሥት ሕዝቡን ለማዘናጋት ሆን ብሎ ነው የለቀቀው ይላሉ። ሌሎች የለም፣ ረሃብ ነው ያመጣው ይላሉ፤ የፊልም ሠሪውም የተዋናይቷም ረሃብ። የማዘናጋቱ ወሬ ደስ ይላል፣ ሁሉን በአንድ ጊዜ ያብራራልና። ግን ገንዘቡ ይበልጥ ያሳምናል። በሩን የከፈተው መንግሥት ነው፤ በበሩ የገቡት ግን ኪሳቸው ባዶ ስለነበር ነው።

ከገቡት መካከል ልጅ የሚባሉ ነበሩ። አንድ የተዋንያን ሥራ አስኪያጅ ሴቶቹን በለስላሳ መጠጥ ስም ይጠራቸው ነበር። ፔፕሲ ፓሎማ፣ ሳርሲ ኢማኑኤል... ሰው እንደ ጠርሙስ ተከፍቶ፣ ተጠጥቶ፣ ባዶው የሚመለስ ዕቃ መሆኑ በስሙ ላይ ተጽፏል ማለት ነው። ፔፕሲ ፓሎማ በ1985 ሃያ ዓመት ሳይሞላት ሞተች። ስለ ጃክሊን መውጣት ሲወራ ይህች ልጅም መታሰብ አለባት።

ስሙን የቀየረው ዳይሬክተር

ጃክሊን ሆሴ የመድረክ ስም ነው። ትክክለኛ ስሟ ሜሪ ጄን ጋክ ነበር። በ1963 የተወለደችው አንጀለስ በምትባል ከተማ ነው፤ የአሜሪካ አየር ኃይል ትልቁ ክላርክ ሰፈር አጠገብ። አባቷ አሜሪካዊ ወታደር ነበር። ከወታደር ሰፈር አጠገብ ያለ ከተማ ምን እንደሚመስል መገመት አይከብድም፤ ቡና ቤት፣ መብራት፣ ለወታደር የሚሸጥ ነገር ሁሉ። እህቷ ቬሮኒካ ጆንስ ከእሷ በፊት ፊልም ውስጥ ገብታ ነበር። ጃክሊን በ1984 ተከተለቻት።

ወዲያው ሊኖ ብሮካ ስለ ሴቶች ሽያጭ በሠራው ፊልም ውስጥ ታየች። ስሟን ያስነሳው ግን «ፕራይቬት ሾው» የሚባለው ሥራ ነው። እዚያ ሚርና የምትባል ሴት ሆና ትጫወታለች። የሚርና ሥራ «ቶሮ» ነው፤ ጭፈራ ቤት ውስጥ ከፍለው ለገቡ ሰዎች ፊት ወሲብ መፈጸም። ፊልሙ ያን ዓለም የሚያሳየው ከመድረኩ በስተጀርባ ሆኖ ነው። ድካሙን፣ ሱሱን፣ የክፍያውን ጭቅጭቅ።

አንድ ነገር ላይ ቆም እንበል። የዚህ ፊልም ዳይሬክተር ቺቶ ሮኞ ነው፤ ኋላ ከአገሪቱ ስመ ጥር ዳይሬክተሮች አንዱ የሆነ ሰው። ፊልሙ ላይ ግን ስሙ የለም። ሲክስቶ ካይኮ በሚል የብዕር ስም ነው የሠራው።

ዳይሬክተር በሌላ ስም መሥራት ይችላል። ተዋናይ ሌላ ፊት የላትም። ስሟን ብትቀይርም ያ ፊት ገበያ ስትሄድም፣ ልጅ ስታሳድግም፣ ሃምሳ ዓመት ሲሞላትም ያው ነው። ፊልሙ ከተመሰገነ ዳይሬክተሩ ወደ ስሙ ይመለሳል፤ ካልተመሰገነ ሲክስቶ ካይኮ ይወቀስ። የቦልድ ፊልም ኪሳራና ትርፍ እንዴት እንደሚከፋፈል ከዚህ የበለጠ የሚያሳይ ነገር ማግኘት ከባድ ነው።

ምንም የማይናገር ፊት

ታዲያ ምን ተማረች?

የፊሊፒንስ ሜሎድራማ ጯሂ ነው። ዕንባው ብዙ ነው፣ ጥፊው ብዙ ነው፣ ሙዚቃው ከፍ ያለ ነው። ጃክሊን ተቃራኒውን ሠራች። ድምጿ ዝቅ ያለና አንድ ወጥ ነው። ፊቷ አይለዋወጥም። ከባድ ቃል ስትናገር እንኳ የሽንኩርት ዋጋ የምትጠይቅ ትመስላለች። አገሬው ኋላ ላይ ይህን አነጋገሯን እያስመሰለ ይቀልድበት ነበር፤ በተለይ በቴሌቪዥን ድራማ ክፉ ሴት ሆና ስትመጣና ሌላው ሁሉ ሲጮህ እሷ ብቻ ዝም ስትል።

ይህ አተዋወን ከየት መጣ? በእርግጠኝነት መናገር አይቻልም፤ ግን አንድ ትርጓሜ አሳማኝ ነው። ቦልድ ፊልም ውስጥ ካሜራው የሚፈልገው ገላዋን ነው። ፊቷን የሚጠይቃት የለም። ወይም የሚጠይቃት አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ደስ ያላት መስላ እንድትታይ። እሷ ያንን አልሰጠችም። ገላው እዚያ አለ፤ ፊቱ ግን ሌላ ቦታ ነው፤ እቃ እያጠበች ስለ ቤት ኪራይ የምታስብ ሴት ፊት። ተመልካቹ ለማየት የከፈለበትን ያያል፤ ከዚያ ፊቷን ያያል፤ ከዚያ ትንሽ ያፍራል። ከልካይ በሌለበት ቦታ አንድ በር ዘግታ ተቀመጠች ማለት ይቻላል።

በ1986 «ታካው ቱክሶ» የሚባል ፊልም ሠራች። አራት ወጣቶች፣ ጠባብ ቤት፣ ፍላጎትና ቅናት። በፖስተሩ ሲታይ እንደሌሎቹ ቦልድ ነው። ሃያሲያን ግን አዩት፤ የኡሪያን ሽልማትንም ለእሷ ሰጧት። ኡሪያን የሚሰጡት በ1976 የተሰባሰቡ ጥብቅ ሃያሲያን ናቸው። ገላ አለበት ብለው አልዘለሉትም። ይህ ቀላል ነገር አይምሰላችሁ፤ ኋላ እንመለስበታለን።

በፊልሙ አብሯት ከሠሩት አንዱ ሁሊዮ ዲያዝ ይባላል። ይህን ስም ያዙት።

አንጀለስ ከተማ፣ «ፋሚሊ» ሲኒማ

ማርኮስ በ1986 ወደቁ። ያልተቆረጠው ፊልም ከዋና ዋና ሲኒማ ቤቶች እየጠፋ ሄደ። ጃክሊን ቀጠለች። በ1988 ቺቶ ሮኞ በራሱ ስም በሠራው ፊልም ተወነች። በዚያው ዓመት ብሮካ ስለ ወንድ ጨፋሪዎች በሠራው ፊልም ውስጥም ነበረች። በ1995 ሲንጋፖር ውስጥ በስቅላት ስለተቀጣችው የቤት ሠራተኛ ፍሎር ኮንቴምፕላሲዮን በተሠራው ፊልምም ተሳትፋለች። የዚያች ሴት ነገር ልጆቹን ወደ ዓረብ አገር ለላከ ሐበሻ ቤተሰብ ማብራሪያ አያስፈልገውም። ከዚያ በኋላ ቴሌቪዥን እናት፣ አክስት፣ አማት፣ ጨካኝ ባለሀብት አደረጋት። ደመወዙ ከዚያ ነበር።

በ2005 ብሪላንቴ ሜንዶሳ የሚባል የማስታወቂያ ሰው የመጀመሪያ ፊልሙን ሠራ። ስለ ወንዶች መታሻ ቤት ነው። ዋናው ተዋናይ ኮኮ ማርቲን የሚባል ያልታወቀ ልጅ ነበር። ደንበኛው ሆኖ የመጣው አለን ፓውሌ፣ በ1988ቱ የብሮካ ፊልም ወጣቱን ጨፋሪ ሆኖ የተጫወተው ሰው ነው። ያኔ ይሸጥ የነበረው አሁን ገዢ ሆኖ መጣ። ጃክሊንም አለችበት። ሜንዶሳ ይህን ያደረገው አውቆ ነው ቢባል አያስደንቅም፤ የድሮውን ቦልድ ዓለም ሰዎች ሰብስቦ ያረጀ ፊታቸውን ያሳየናል።

በ2008 በ«ሰርቢስ» ይህ ነገር ጫፉ ላይ ደረሰ። ታሪኩ የሚካሄደው አንጀለስ ከተማ ውስጥ፣ አንድ ያረጀ ሲኒማ ቤት ነው። የሲኒማው ስም «ፋሚሊ» ነው፤ ቤተሰብ ማለት። የሚያሳየው አሮጌ የወሲብ ፊልም ነው። ጨለማው ውስጥ ሌላ ንግድ አለ። ፎቁ ላይ የባለቤቶቹ ቤተሰብ ይኖራል፤ ልጆች ትምህርት ቤት ይሄዳሉ፣ ምግብ ይሠራል፣ ሽንት ቤቱ ሞልቶ ይፈሳል። ጃክሊን ሲኒማውን የምታስተዳድረው ናይዳን ሆና ትጫወታለች። ባሏ ሁሊዮ ዲያዝ ነው።

እንግዲህ አስቡት። አንጀለስ የተወለደችበት ከተማ ነው። እንደ እሷ ያሉ ተዋናዮች የታዩባቸው ሲኒማ ቤቶች እንዲህ ዓይነት ነበሩ። አሁን ትኬት ቤቱ ውስጥ ተቀምጣ ሒሳብ ትሠራለች። ከ1984ቱ የብሮካ ፊልም ወዲህ በካን ዋናው ውድድር ውስጥ የገባ የመጀመሪያው የፊሊፒንስ ፊልም ይኸው ነው። ከዚያ ዓለም ወጣች የሚለው ወሬ እዚህ ላይ ይፈርሳል። አልወጣችም። ሌላ ወንበር ላይ ተቀመጠች።

ከረሜላው

በ2016 ካን ላይ የተሸለመችበት የሜንዶሳ ፊልም «ማ ሮሳ» የሚጀምረው ሱፐርማርኬት ውስጥ ነው። ሮሳ ለሱቋ ዕቃ ትገዛለች። ገንዘብ ተቀባይዋ ዝርዝር የለኝም ብላ በመልስ ፈንታ ከረሜላ ትሰጣታለች። ሮሳ ትከራከራለች። አዲስ አበባ ውስጥ በመልስ ፈንታ ማስቲካ የተሰጠው ሰው ይህን ትዕይንት ያለ ትርጉም ይረዳዋል።

ሮሳ ማኒላ ድሃ ሰፈር ውስጥ ትንሽ የሰፈር ሱቅ አላት። ከስኳርና ከሲጋራው ሥር አደንዛዥ ዕፅም በትንሽ በትንሹ ትሸጣለች። አንድ ማታ ፖሊስ እሷንና ባሏን ይወስዳል። ባሏ እዚህም ሁሊዮ ዲያዝ ነው። ከሠላሳ ዓመት በፊት ቦልድ ፊልም ላይ ወጣት ሆነው የታዩት ሁለት ሰዎች አሁን ደክሟቸው፣ ወፍረው፣ ፖሊስ ጣቢያ ጓሮ ተቀምጠዋል። ፖሊሶቹ ክስ አይጽፉም፤ ዋጋ ይጠራሉ። 200,000 ፔሶ። ከዚያ ዕፁን የሚያቀብላቸውን ሰው አሳልፈው ሲሰጡ ዋጋው ይቀንሳል። ልጆቹ ገንዘብ ፍለጋ ይበተናሉ። አንዱ ቴሌቪዥኑን ተሸክሞ ይዞራል፣ ሌላው ገላውን ይሸጣል፣ ሴቷ ዘመድ ቤት ሄዳ ስድብ ትጠጣለች። ሴቷን ልጅ የተጫወተችው የጃክሊን የገዛ ልጇ አንዲ አይገንማን ናት።

መጨረሻው ላይ ሮሳ የጎደለውን ገንዘብ ፍለጋ ወጥታ መንገድ ዳር ትቆማለች። እንጨት ላይ የተሰካ የዓሣ ድቡልቡል ትገዛለች። ርቧታል። እየበላች ማዶ አንድ ቤተሰብ ተንቀሳቃሽ ሱቁን ሲዘጋ ታያለች። ትጎርሳለች፣ ታኝካለች፣ ዓይኗ ይሞላል፣ ትጎርሳለች። የምትናገረው የለም። ሙሉውን ፊልም ተዘግቶ የቆየው በር ለትንሽ ሰከንድ ገርበብ ይላል፣ በቃ።

የ2016ቱ ዳኞች ሰብሳቢ ጆርጅ ሚለር ነበር። በዚያ ዓመት ውድድር ኢዛቤል ሁፐርና ሶኒያ ብራጋ ነበሩ፤ አዲስ አበባ የተወለደችው ሩት ነጋም ነበረች። ሽልማቱ ለጃክሊን ሲሆን አንዳንድ የውጭ ሃያሲያን ግራ ገባቸው። በፊልሙ ሁለተኛ ክፍል ልጆቹ ስለሚበዙ እሷ ለረጅም ሰዓት አትታይም፤ ይህ ረዳት ሚና አይደለም ወይ አሉ። ክርክሩ መሠረት አለው። ግን ያ የመጨረሻ ትዕይንት ከሌላ ተዋናይ ጋር ቢሆን ኖሮ ፊልሙ ያለ መዝጊያ ይቀር ነበር።

ጊዜውም የራሱ ነገር ነበረው። ሮድሪጎ ዱተርቴ የፊሊፒንስ ፕሬዚዳንት ሆነው የተመረጡት ከሽልማቱ ሁለት ሳምንት ገደማ ቀደም ብሎ ነው። ፊልሙ በአገሩ ሲኒማ በጁላይ ሲታይ እሳቸው በአደንዛዥ ዕፅ ላይ ያወጁት ዘመቻ ግድያ ተጀምሯል። የሮሳ ዓይነት ሰዎች ገንዘብ መደራደር ሳይሆን መንገድ ላይ መሞት ጀመሩ። ፖሊስን እንዲህ አጋልጦ የሠራው ሜንዶሳ ደግሞ በዚያው ወር የፕሬዚዳንቱን ዓመታዊ ንግግር የቴሌቪዥን ሥርጭት ዳይሬክት አደረገ። ይህን ማስታረቅ ለሱ እንተውለት።

የስልኩ ዘመን ጠብ

ወደ ተነሳንበት እንመለስ። ቪቫማክስ ሥራ የጀመረው በጃንዋሪ 2021 ነው፤ በወረርሽኙ ምክንያት የማኒላ ሲኒማ ቤቶች በተዘጉበት ሰዓት። ከዚያ በፊትም ለአዋቂ የሚሆን ፊልም ቦታ አጥቶ ነበር። በ2000ዎቹ የአገሪቱ ትልቁ የገበያ ማዕከላት ባለቤት ኤስኤም «ከ18 በላይ» የተባለ ፊልም አላሳይም ብሎ ወሰነ። አብዛኛው ሲኒማ ገበያ ማዕከል ውስጥ ባለበት አገር ይህ ከሳንሱር አዋጅ አያንስም።

ሕጉ ደግሞ አሮጌ ነው። የፊልምና ቴሌቪዥን ገምጋሚ ቦርዱን ያቋቋመው አዋጅ ማርኮስ በኦክቶበር 1985 የፈረሙት ነው። (የአዋጁ ቁጥር 1986፣ ዓመቱ 1985፤ አያምታታችሁ።) የሚያውቀው ሲኒማና ቴሌቪዥን ነው፤ በስልክ የሚታይ ፊልም ያኔ አልታሰበም። ስለዚህ ለቦርዱ በኢንተርኔት ሥርጭት ላይ ሥልጣን ለመስጠት ረቂቅ ሕጎች ቀርበዋል።

የሚደግፉት ልጆች በቀላሉ ያዩታል፣ ሴቶቹም ይበዘበዛሉ ይላሉ። የሚቃወሙት ዛሬ ለገላ የተሰጠ መቀስ ነገ ለፖለቲካ ይውላል ይላሉ። ከላይ እንዳየነው ታሪኩ ለሁለተኛዎቹ ያደላል፤ መቀሱ የብሮካን አድማ ለመቁረጥ ፈጥኖ ነበር፣ ፔፕሲ ፓሎማን ለመጠበቅ ግን አልደረሰም። ምደባው ተመልካቹን ይመለከታል እንጂ ሠራተኛዋን አይመለከትም። ፊልሙ ላይ «ከ18 በላይ» ተብሎ ቢለጠፍ ቀረጻው ላይ ምን እንደተደረገ አይናገርም። ሠራተኛዋን የሚመለከተው ውሉ ነው፤ ዕድሜዋ መረጋገጡ ነው፤ ትዕይንቱ አስቀድሞ በጽሑፍ መነገሩ ነው፤ እምቢ ስትል ደመወዟ አለመቆረጡ ነው። አሁን በዓለም ላይ የወሲብ ትዕይንት ሲቀረጽ ተዋንያኑን ወክሎ ድንበሩን የሚያስከብር የቅርበት አስተባባሪ የሚባል ባለሙያ አለ። በጃክሊን ጊዜ እንዲህ ያለ ሥራ አልነበረም።

«ትልልቆቹም የጀመሩት እዚያው ነው» ለሚሉትም አንድ ጥያቄ አለ። ጃክሊን ቦልድ ፊልም ላይ ሳለች ሦስት ነገር አግኝታለች። ብሮካንና ሮኞን የመሰሉ ዳይሬክተሮች በዚያው ገበያ ይሠሩ ነበር። ሃያሲያን ፊልሞቹን ያዩ ነበር። ቴሌቪዥን ደግሞ ዕድሜዋ ሲገፋ ተቀበላት። ዛሬስ? ዳይሬክተሮቹ ሙሉ በሙሉ አልጠፉም፤ ሜንዶሳ ራሱ በ2021 «ፓሊታን» የሚባል ፊልም ለቪቫማክስ ሠርቷል። ሃያሲያኑ ግን ጎድለዋል። በብዛትና በጥድፊያ የሚለቀቅ ፊልም በቁም ነገር የሚታይበት ጊዜ የለም። ፊልሙ ካልታየ ፊቷ አይታይም፤ የሚታየው የተቆረጠ ቪዲዮ ላይ ያለ ገላዋ ብቻ ነው፤ እሱም ከስልክ ስልክ ሲዞር ይኖራል። ሕጉ ጠንከር ብሎ ቢወጣ ይህ ክፍል ጨርሶ ወደ ተሰረቀው ገበያ ሊገባ ይችላል። እዚያ ደግሞ ውልም ሃያሲም የለም።

ከሁሉም ወደፊት የሄደው ከ2005ቱ መታሻ ቤት የወጣው ኮኮ ማርቲን ነው። ዛሬ በአገሪቱ ቴሌቪዥን ላይ ከሱ የሚበልጥ ኮከብ መፈለግ ያደክማል፤ ድራማውን ራሱ ይመራል፣ ራሱ ይተውናል። በ2023 በጀመረው «ባታንግ ኪያፖ» ውስጥ ጃክሊንን አስገባት፤ የእስር ቤት አለቃ አድርጎ፣ ዩኒፎርም ለብሳ፣ ያው ድምጿ ዝቅ እንዳለ። ከመሞቷ በፊት ሰው የለመዳት በዚያ ነው። ድራማው ይተላለፍ የነበረው ማታ ማታ፣ ቤተሰብ አንድ ላይ ሲቀመጥ ነው። ሶፋው ላይ ከነበሩት አባቶች መካከል አንዳንዱ ይህችን ሴት መጀመሪያ የት እንዳያት ያስታውስ ነበር፤ ለልጆቹ ግን አይነግራቸውም ነበር።